ፊሊፒኖቹ በስደት መያያዝን ከየት ተማሩት? (እህቴ ስላመጣችው ደብተርና ፎቶ)

የቦርከና ልጅ (ኮምቦልቻ)

ሰላም፣ አሰላሙ ዓለይኩም ቤተሰብ። ጥያቄዬ ረዘም ይላል፣ ታገሱኝ።

ታላቅ እህቴ ቤሩት ስድስት ዓመት ሠርታ ነው የተመለሰችው። ባለፈው ሳምንት ቤት ስናጸዳ ከሻንጣዋ ሥር አንድ ደብተር አገኘሁ። ተራ የተማሪ ደብተር ነው፣ ጠርዙን ውሃ ነክቶት ተጣጥፏል። ስከፍተው «መስከረም 20 አልከፈሉኝም። ጥቅምት 21 አልከፈሉኝም። ኅዳር 21 አልከፈሉኝም» ይላል። እንዲህ እያለ ሰባት ወር ይሄዳል። ከእያንዳንዱ ቀን ጎን በሌላ እስክሪብቶ የፈረንጁ ቀን አለ። ስምንተኛው መስመር ላይ «ከፈሉኝ፣ የአምስት ወር» የሚል ተጽፎ ሁለት ጊዜ ተሰምሮበታል።

ማን አስተማረሽ ብዬ ጠየቅኳት። ፊት ለፊት ካለው ሕንፃ ሰገነት ላይ ልብስ የምታሰጣ አንዲት ፊሊፒናዊት ነበረች አለችኝ። ሁለቱም በተሰባበረ ዓረብኛ ነው የሚግባቡት። ደመወዝ እንዳልተከፈላት ስትነግራት ያቺ ልጅ አላለቀሰችላትም፣ «አይዞሽ»ም አላለቻትም። «ቀኑን ጻፊ» ነው ያለቻት። «በኋላ የሚረዳሽ ሰው መጀመሪያ የሚጠይቅሽ መቼ ብሎ ነው። የእናንተን አቆጣጠር አያውቁም፣ በፈረንጁም ጻፊው።» ከዚያ በሳሙና ወረቀት ላይ ስልክ ቁጥር ጽፋ ወረወረችላት። እሁድ እሁድ የሚሰበሰቡ ፊሊፒኖች ቁጥር ነበር። እነሱ ማዳሟን ደጋግመው ደወሉላት፣ ጠበቃም እንዳላቸው ነገሯት። በስምንተኛው ወር የአምስቱን ከፈለች። የሁለቱ ቀረ።

ደብተሩ ውስጥ አንድ ፎቶም ነበር። ሃያ የሚሆኑ ሴቶች ቀይ ጨርቅ ዘርግተው ቆመዋል። ጨርቁ ላይ ነጭ ሸሚዝ የለበሰ ሰውዬ አለ፣ በአንድ እጁ ቆንጨራ የመሰለ ስለት፣ በሌላው ባንዲራ ይዟል። ከሥሩ ሦስት አንድ ዓይነት ፊደል ተደርድሯል፣ «ኬ ኬ ኬ»። እህቴ የቤተ ክርስቲያናቸው ቅዱስ ነበር የመሰላት።

ሰውዬው ማን ነው? ደግሞስ እነዚህ ሴቶች እንዲህ መያያዝን ከየት ተማሩት? እኛ ሰፈር ዓረብ አገር ሰው ያልላከ ቤት መቁጠር ይቀላል። የሄዱት ሁሉ ግን ብቻቸውን ሄደው ብቻቸውን ነው የተመለሱት። እህቴ በስድስት ዓመት ውስጥ የረዳት የአገሯ ማኅበር አላገኘችም። ጥፋቱ የእሷ እንዳልሆነ አውቃለሁ። ግን ቆጨኝ።

---

ጡረተኛው መምህር (ደሴ፣ ሸዋ በር)

ልጄ፣ ጥያቄሽ ደስ አሰኝቶኛል። ታሪክ ሳስተምር ዘመኔን ጨርሻለሁ፣ ስለ ፊሊፒን የጠየቀኝ ተማሪ ግን አልነበረም።

ሰውዬው ቅዱስ አይደለም። አንድሬስ ቦኒፋሲዮ ይባላል። ማኒላ ውስጥ ቶንዶ በሚባል የድሆች ሰፈር እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 30 ቀን 1863 ተወለደ። ወላጆቹ ቀድመው ስለሞቱ ከዘራና የወረቀት ማራገቢያ እየሸጠ ታናናሾቹን አሳደገ። በኋላ የመጋዘን ሠራተኛ ሆነ። ዩኒቨርሲቲ አልገባም፣ ማንበብ ግን ይወድ ነበር። ስፔን አገሩን ከ300 ዓመት በላይ ገዝታለች። እሱና ጓደኞቹ እ.ኤ.አ. ጁላይ 7 ቀን 1892 ማታ ካቲፑናን የሚባል የምሥጢር ማኅበር መሠረቱ። ሦስቱ «ኬ» የማኅበሩ ሙሉ ስም መነሻ ፊደላት ናቸው፣ ትርጉሙም ልዑልና እጅግ የተከበረ የአገር ልጆች ማኅበር እንደማለት ነው። አባል የሚሆን ሰው በገዛ ደሙ ይፈርም ነበር።

ምሥጢሩ ሲወጣ እ.ኤ.አ. በኦገስት 1896 መጨረሻ ላይ ተነሡ። የስፔን ግብር ከፋይ መሆናቸውን የሚያሳየውን ወረቀት አደባባይ ቀዳደው ጣሉት። እዚህ ላይ ቁም ነገሩን ተመልከቺ። ይህ በእኛ ነሐሴ 1888 ዓ.ም. ነው። ዓድዋ የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ነው። በአንድ ዓመት ውስጥ፣ በስድስት ወር ልዩነት! እነሱ ስለ እኛ ሰምተው ነበር ማለቴ አይደለም። አንድ ዘመን ነው፣ አንድ ዓይነት ጠላት ነው።

ሌላም ልጨምርልሽ፣ ይህኛው ለእኛ ለወሎዎች ይቀርባል። ከደሴ በወልድያ መንገድ ስትሄጂ ውጫሌን ታገኛለሽ። ውሉ የተፈረመው ሚያዝያ 25 ቀን 1881 ዓ.ም. ነው፣ 17ኛው አንቀጽ በአማርኛ አንድ፣ በጣሊያንኛ ሌላ የሚል። በዚያው ዓመት የካቲት ላይ፣ ማለትም እ.ኤ.አ. ፌብሩዋሪ 15 ቀን 1889፣ ባርሴሎና ውስጥ ስደተኛ ፊሊፒኖች ላ ሶሊዳሪዳድ የሚል ጋዜጣ ማተም ጀመሩ። የመጀመሪያው አዘጋጅ ግራሲያኖ ሎፔዝ ሃኤና ነበር። ቀጥሎ ማርሴሎ ዴል ፒላር ተረከበው። ዴል ፒላር ሚስቱንና ሁለት ሴቶች ልጆቹን አገር ቤት ትቶ ነው የሄደው። ገንዘብ አልቆበት፣ ተርቦ፣ ሳንባ ነቀርሳ ይዞት እ.ኤ.አ. በጁላይ 1896 ባርሴሎና ሞተ። አብዮቱ ሊጀመር ሁለት ወር እንኳ አልቀረውም ነበር። ቤተሰቡን ዳግመኛ አላየም።

ስለዚህ «ከየት ተማሩት» ላልሽው የእኔ መልስ ይህ ነው። የትግላቸው ግማሹ መጀመሪያውኑ የተሠራው በስደት ነው። ሆሴ ሪዛል የተባለው ሐኪምና ደራሲ አገሩን ያናወጡትን ሁለት ልቦለዶች ያሳተመው አንዱን በርሊን፣ ሌላውን ጌንት ነው። ስፔኖች እ.ኤ.አ. ዲሴምበር 30 ቀን 1896 ማኒላ ላይ ረሸኑት። ባንዲራቸው ራሱ የተሰፋው ሆንግ ኮንግ ነው! ማርሴላ አጎንሲሎ የምትባል ስደተኛ ከልጇና ከሪዛል የእህት ልጅ ጋር ሆና እ.ኤ.አ. በ1898 በአምስት ቀን ሰፋችው። ያን ባንዲራ ይዘው ጁን 12 ነፃነት አወጁ። የማርሴላ ባል ፌሊፔ ደግሞ ፓሪስ ሄዶ የአገሬን ጉዳይ አስገቡኝ ብሎ ለመነ። በሩን ዘጉበት። በዚያው ዲሴምበር ስፔን ፊሊፒንን በ20 ሚሊዮን ዶላር ለአሜሪካ አሳልፋ ሰጠች። ከዚያ በኋላ ደግሞ ከአሜሪካ ጋር ሌላ ጦርነት መጣባቸው።

ቦኒፋሲዮ ይህን ሁሉ አላየም። እ.ኤ.አ. ሜይ 10 ቀን 1897 የገዛ ወገኖቹ በሥልጣን ሽኩቻ ፈርደውበት ማራጎንዶን ተራራ ላይ ተገደለ። ይህን ሳስብ ሁልጊዜ ያመኛል። ሠራተኞችና ስደተኞች ዛሬም የልደቱን ቀን ለሰልፍ የሚመርጡት ከእነሱ ወገን ስለሆነ ይመስለኛል፣ የመጋዘን ሠራተኛ ነበርና።

---

ሰኞ ገበያ

መምህር፣ እግዜር ይስጥልኝ፣ ብዙ ተማርኩ። ግን እኔ በዚህ ብቻ አልስማማም። የዛሬ መቶ ምናምን ዓመት የነበረ ጀግና የቤሩት ማዳም ደመወዝ እንድትከፍል አያደርግም። ልዩነቱ መንግሥት ነው። ፊሊፒን ለስደተኛ ሠራተኞች ብቻ የተቋቋመ ሚኒስቴር አላት። ለቤት ሠራተኛ ዝቅተኛ ደመወዝ ቆርጣለች። ኤምባሲዋ ይጮኻል። የእኛ ልጅ ግን ደላላ ጭኗት ሄዳ ማንም አያውቃትም። የአጎቴ ልጅ ጅዳ ስትሞት ሬሳዋ እስኪመጣ ሦስት ወር ነው የጠበቅነው። የሚደወልበት ቁጥር እንኳ አጥተን።

---

የሰሚር እናት (ደሴ፣ ሮቢት)

አላህ ይዘንላት ወንድሜ። ያንን ያየሁ ሰው ነኝ፣ ኩዌት ዘጠኝ ዓመት ኖሬአለሁ።

ግን አንድ ነገር ላርምህ። መንግሥታቸው አስቀድሞ አልደረሰላቸውም። ወላሂ ጎትተው ነው ያመጡት። ይህን የነገረችኝ አብራኝ አንድ ቤት የሠራች ፊሊፒናዊት ናት፣ በዕድሜ እናቴን ትሆናለች፣ ኩዌት ከመምጣቷ በፊት ሆንግ ኮንግ ነበረች። እሷ ወጥ ቤት፣ እኔ ልጆቹ ጋ ነበርኩ። ማታ ማታ ሩዝ እየለቀመች ታወራኛለች። ከእሷ ከሰማሁ በኋላ እኔም በስልኬ እየፈለግሁ ብዙ አነበብኩ።

ማርኮስ የሚባል አምባገነን ነበራቸው። እ.ኤ.አ. በ1972 ወታደራዊ አዋጅ አወጀ። ሥራ ጠፋ፣ ዕዳ በዛ። ከዚያ ሰው ወደ ውጭ መላክን ራሱን የመንግሥት ሥራ አደረገው፣ በ1974 በወጣው የሠራተኛ ሕግ። በ1982 ደግሞ 857 የሚባል ትእዛዝ አወጣ። የቤት ሠራተኛ ከደመወዟ ግማሹን፣ መርከበኛ ደግሞ 80 በመቶውን በመንግሥት በታወቀ ባንክ በግድ እንዲልኩ። ያልላከ ፓስፖርቱ አይታደስለትም። አስቡት እስቲ፣ እኛ በሐዋላ የምንልካትን ያቺን ብር ለእናትሽ በምን በኩል፣ ስንት እንደምትልኪ መንግሥት ሲያዝሽ!

ሆንግ ኮንግ ያሉት ሴቶች እምቢ አሉ። የቤት ሠራተኞች ናቸው እኮ፣ ዕረፍታቸው እሁድ ብቻ ነው። እሁድ መሀል ከተማ አደባባይ ላይ ካርቶን አንጥፈው ቁጭ ይላሉ። ምግብ ይካፈላሉ፣ ፀጉር ይሠራራሉ፣ ለቤተሰብ ደብዳቤ ይጻጻፋሉ። እዚያው ካርቶን ላይ ፊርማ አሰባሰቡ። አንዷ ጽፋ ለሌላዋ ታቀብላለች። ትናንሽ ማኅበሮቻቸው፣ የአንድ አውራጃ ልጆች፣ የአንድ ቤተ ክርስቲያን ልጆች፣ አንድ ላይ ሆኑ። በ1985 ቅጣቱ ተነሣ። ከዚያ በኋላ አልተበተኑም፣ ኅብረቱን ቋሚ አደረጉት። ልብ በሉ፣ መጀመሪያ የታገሉት ማዳምን አይደለም፣ የገዛ መንግሥታቸውን ነው።

ሕጉም እንዲሁ በሐዘን ነው የመጣው። ፍሎር ኮንቴምፕላሲዮን የምትባል የአራት ልጆች እናት ሲንጋፖር ውስጥ በግድያ ተከሳ እ.ኤ.አ. ማርች 17 ቀን 1995 በስቅላት ተቀጣች። መንግሥታችን ቀድሞ አልተከራከረላትም ብሎ አገሩ ተናወጠ፣ ሕዝቡ ጎዳና ወጣ። ሦስት ወር ሳይሞላ፣ ጁን ላይ፣ የስደተኛ ሠራተኞች ሕግ ወጣ። ወንድሜ ያልከው ሚኒስቴር የመጣው ገና እ.ኤ.አ. በ2021 መጨረሻ በተፈረመ ሕግ ነው። ከሆንግ ኮንጉ ካርቶን እስከዚህ ድረስ ስንት ዓመት እንደሆነ ቁጠረው።

አሁንም ቢሆን እነሱም ይሞታሉ። እ.ኤ.አ. በ2018 ኩዌት ውስጥ የአንዷ አስከሬን ተዘግቶ በቆየ ቤት፣ ማቀዝቀዣ ውስጥ ተገኘ። እኔ ያኔ እዚያው ነበርኩ። ያቺ ትልቋ ሴትዮ ሦስት ቀን አልበላችም። መንግሥታቸው ሠራተኛ መላክ አቆመ፣ ከኩዌት ጋር ስምምነት ከተፈረመ በኋላ ነው የተከፈተው። ሠራተኛዋ ፓስፖርቷንና ስልኳን ራሷ እንድትይዝ ይላል። የእሷ ስልክ ተመለሰላት። የእኔ ግን የማዳም መሳቢያ ውስጥ ቀረ። አንድ ቤት፣ አንድ ሥራ፣ ሁለት ሕግ። ያን ቀን ነው ነገሩ የገባኝ።

---

ጦሳ (ሲያትል)

የሰሚር እናት፣ ጽሑፍሽን ሥራ ቦታ እረፍት ላይ ሆኜ አነበብኩት፣ ዓይኔ እንባ ሞላ። እኔ የደሴ ልጅ ነኝ፣ አይጠየፍ አጠገብ ነው ያደግሁት። ሲያትል ከመጣሁ አሥራ አራት ዓመቴ ነው። ስለዚህ ከተማ ፊሊፒኖች ትንሽ ልጨምር።

እዚህ አካባቢ ፊሊፒኖች የመጡት ገና ከ1920ዎቹ ጀምሮ ነው። በጋ ላይ አላስካ ሄደው ዓሣ በቆርቆሮ ያሽጋሉ፣ ሲመለሱ ደግሞ ካሊፎርኒያ ወርደው ወይንና አስፓራገስ ይለቅማሉ። ከነሱ አንዱ ላሪ ኢትሊዮንግ ይባላል። በ1929 ሲመጣ 15 ዓመቱ ነበር። በሥራ ላይ ጣቶቹን ስላጣ «ሰባት ጣት» ይሉት ነበር። እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 8 ቀን 1965 ዴላኖ በምትባል የካሊፎርኒያ ከተማ የሱ ሰዎች የወይን ለቀማውን አቆሙ፣ በሰዓት 1 ዶላር ከ40 ሳንቲም ይከፈለን ብለው። በእኛ አቆጣጠር ጳጉሜን 3 ቀን 1957 ዓ.ም. ይሆናል፣ የሩፋኤል ዕለት።

ባለ እርሻዎቹ የለመዱት ዘዴ ነበራቸው። ፊሊፒኖች ሲያቆሙ ሜክሲኮዎችን ያስገባሉ፣ ሜክሲኮዎች ሲያቆሙ ፊሊፒኖችን። ኢትሊዮንግ ይህን ስለሚያውቅ የሜክሲኮዎቹን ማኅበር ወደሚመራው ወደ ሴዛር ቻቬዝ ሄደ። ያለ እናንተ አንችልም፣ ነገ ደግሞ እናንተም ያለ እኛ አትችሉም አለው። በሳምንቱ፣ ሴፕቴምበር 16፣ ሜክሲኮዎቹ ገቡበት። አምስት ዓመት ፈጀ። አምስት ዓመት! በ1970 ባለ እርሻዎቹ ፈረሙ።

እነዚያ ፊሊፒኖች አብዛኞቹ ሽማግሌ ወንደላጤዎች ነበሩ። በወጣትነታቸው ሴቶቻቸው እምብዛም አልመጡም፣ ነጭ ሴት ማግባት ደግሞ የካሊፎርኒያ ሕግ ይከለክላቸው ነበር። ቤተሰብ ሳይኖራቸው፣ ከካምፕ ካምፕ እየዞሩ አርጅተዋል። አድማ ሲመቱ ከካምፑ ተባረሩ። ሌላ የሚሄዱበት ቤት አልነበራቸውም። ያም ሆኖ ቆሙ። ስም የወጣለት በብዛት ቻቬዝ ነው፣ መጀመሪያ ሥራውን ያቆሙት ግን እነሱ ናቸው። ይህን የምለው ዝም ብዬ አይደለም፣ የእኛም ሴቶች የሠሩት ነገር በሌላ ሰው ስም እንዳይጻፍ ስለምፈራ ነው።

ሁለተኛው ታሪክ የተፈጸመበትን ቦታ እዚሁ ከተማችን መሀል በእግሬ አልፈዋለሁ። ፓዮኒር ስኩዌር በሚባለው ሰፈር የአላስካ ዓሣ ሠራተኞች ማኅበር ቢሮ ነበር። ጂን ቪየርነስና ሲልሜ ዶሚንጎ የሚባሉ ሁለት ወጣቶች፣ ሁለቱም 29 ዓመታቸው፣ ማኅበሩን ከጉቦ ሊያጸዱት ይታገላሉ። በተጨማሪም ማርኮስን ይቃወማሉ፣ ካቲፑናን የሚለውን ስም እንደገና ያነሣ ድርጅት አባላት ናቸው። መምህር፣ የርስዎ ቦኒፋሲዮ ስም በ1973 አሜሪካ ላይ እንደገና ተጠራ ማለት ነው። እ.ኤ.አ. ጁን 1 ቀን 1981 ቢሮው ውስጥ ተተኮሰባቸው። ጂን እዚያው ሞተ። ሲልሜ እየደማ ወደ ጎዳና ወጣና የተኮሱበትን ሰዎች ስም ተናግሮ ነው በማግስቱ ያረፈው። ጓደኞቹና ቤተሰቡ አልተዉትም። ስምንት ዓመት ተከራከሩ። በ1989 በአሜሪካ ፌዴራል ፍርድ ቤት የተሰየሙ የሕዝብ ዳኞች (ጁሪ) ግድያው ከማርኮስ ጋር የተያያዘ ነው ብለው በ15 ሚሊዮን ዶላር ካሣ ፈረዱ።

በስደት አገር የተቀመጠ ሰው የአገሩን ገዢ ፍርድ ቤት አቁሞ ሲረታ፣ እኔ ሌላ ምሳሌ አላውቅም።

---

ሰኞ ገበያ

የሰሚር እናት፣ የፊሊፒን መንግሥት ራሱ ያን ያህል እንደጨቆናቸው አላውቅም ነበር። ሐሳቤን ቀይሬአለሁ፣ ግማሹን። ያላሳመነኝ አንድ ነገር አለ። እነሱ እሁድ አላቸው። ሆንግ ኮንግ ውስጥ ዕረፍት በሕግ ነው። የእኛ ልጆች ከቤት አይወጡም። በር ይቆለፍባቸዋል። የማይገናኝ ሰው በምን ይደራጃል?

---

የሰሚር እናት (ደሴ፣ ሮቢት)

እውነት ነው፣ ያ ትልቁ ነገር ነው። ግን የእህቷን ሰገነት አስበው። በር ተቆልፎባት በልብስ ማስጫ ተገናኝተዋል። እኛ ቆሻሻ ልናወጣ ስንወርድ በደረጃ ላይ ነበር የምናወራው። ሦስት ደቂቃ ትበቃለች፣ አንድ ቁጥር ለመቀበል።

ደግሞ የእኛ ሰዎች ምንም አልሠሩም አትበሉ፣ ያ ያሳዝነኛል። ቤሩት ውስጥ እ.ኤ.አ. በ2015 የቤት ሠራተኞች ማኅበር ሲመሠረት ኢትዮጵያውያን ከፊሊፒኖችና ከሌሎች ጋር አብረው ነበሩ፣ የሊባኖስ መንግሥት ዕውቅና ነፈጋቸው እንጂ። እኛ ለእኛ በስደት የሚባለውን ማኅበር ደግሞ ራሳቸው የእኛ የቤት ሠራተኞች ናቸው ያቋቋሙት። እ.ኤ.አ. በ2020 አሠሪዎች ሴቶቹን አምጥተው ቆንስላው በር ላይ ሲጥሏቸው ምግብና ማደሪያ ያደረሱ እነሱ ነበሩ። እህትሽ የአገሬን ማኅበር አላገኘሁም ካለች አምናታለሁ። ቁጥሩን የሚያቀብላት ሰው ስላልነበረ ነው።

---

ጡረተኛው መምህር (ደሴ፣ ሸዋ በር)

አንድ ነገር ልጨምር። እኛ መደራጀት ሳናውቅ ቀርተን አይደለም። ወሎ ውስጥ ዕድርና ዕቁብ የማያውቅ የለም፣ ቅሬውም አለ። የሞተ ይቀበራል፣ ያዘነ ይጽናናል፣ ሙስሊሙም ክርስቲያኑም አብሮ ድንኳን ይተክላል። የፊሊፒኖቹም ማኅበር ሲጀምር የአንድ መንደር ልጆች መረዳጃ ነበር። የእኛ ዕድር የቆመው ሐረጎ ላይ ነው፣ ቁልቁለቱን ወርዶ አውሮፕላን አልገባም።

ሕጉንም እናንብበው። በ2008 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 923 የቪዛና የአውሮፕላን ትኬት ወጪ የአሠሪው ነው ይላል። እዚህ አገር ግን ለትኬት ብለው ላም የሸጡ ወላጆች አውቃለሁ። ሴቶቹ ከመሄዳቸው በፊት ይህን የሚነግራቸው ጎረቤት ቢኖር የስንት ቤት ላም ይተርፍ ነበር።

---

የቦርከና ልጅ (ኮምቦልቻ)

ሁላችሁንም አላህ ይስጥልኝ፣ እግዜር ይስጥልኝ። ጋሼ መምህር፣ የጻፉትን ለእህቴ ጮክ ብዬ አነበብኩላት። ዴል ፒላር ቤተሰቡን ሳያይ ሞተ የሚለው ጋ ስደርስ «እንደገና አንብቢው» አለችኝ።

ቦኒፋሲዮ ኖቬምበር 30 እንደተወለደ ስለነገሩን፣ በእኛ መቼ እንደሚውል ቆጥሬ ኅዳር 21 ሆኖ ሳገኘው፣ ፎቶውን ገልብጬ አየሁት። ከጀርባው በእስክሪብቶ 30፣ ከዚያ 11 ተጽፏል። በቦኒፋሲዮ ልደት የተነሡት ነው። ደብተሩን ከፈትኩ። «ኅዳር 21 አልከፈሉኝም።» ያው ቀን ነው።

እህቴ ፎቶው ላይ የለችም። ነይ ብለዋት ነበር፣ ማዳም አላስወጣቻትም። በሳምንቱ ያቺ ልጅ ፎቶውን በልብስ ማስጫው ገመድ ላይ በመቆንጠጫ ሰክታ፣ ገመዱን እየጎተተች ወደ እህቴ ሰገነት አቅርባላት ነው እህቴ የወሰደችው። ስሟን ጠየቅኳት። «ቴ» ነበር የምላት አለችኝ፣ በእነሱ ቋንቋ «አቴ» ታላቅ እህት ማለት ነው መሰለኝ። ሙሉ ስሟን አታውቀውም።

ለሰሚር እናት አንድ ጥያቄ አለኝ። እህቴና ሰፈራችን ያሉ አራት ተመላሾች ሊሄዱ የተዘጋጁትን ልጆች ቤታችን ሰብስበው ሊያነጋግሩ ተስማምተዋል። ሰባት ልጆች ናቸው፣ ሁለቱ የሕክምና ምርመራ ጨርሰዋል። እሁድ ከቀኑ 8 ሰዓት ነው። ከደሴ መውረድ ትችይ ይሆን? የትራንስፖርቱን እኛ እንሸፍናለን። ለእያንዳንዳቸው ደብተር ገዝተናል፣ የአማርኛውን ወርና የፈረንጁን ቀን ጎን ለጎን አስምረን የመጀመሪያውን ገጽ ራሳችን እየሞላን ነው።

---

የሰሚር እናት (ደሴ፣ ሮቢት)

እመጣለሁ ኢንሻአላህ። ትራንስፖርቱን ተዪው። የቆንስላዎቹን ቁጥር የመጨረሻው ገጽ ላይ ሳይሆን ሽፋኑ ውስጥ ጻፉት፣ ገጹ ይቀደዳል። ስልካቸው ሊወሰድ ስለሚችል አንድ ቁጥር በቃላቸው እናስጠናቸዋለን። እሱን ለእኔ ተዉልኝ፣ በዜማ ነው የማስጠናው።